ፊቷን ሳታዞር

ለልጆች ፊልም ስሠራ ሠላሳ ስምንት ዓመት ሞላኝ። ስሜ ሸራው ላይ የወጣው ግን ሦስት ጊዜ ብቻ ነው፤ ከሦስቱም በአንዱ የአባቴን ስም ተሳስተውታል። በቀረው ሁሉ እኔን የምታገኙኝ መጨረሻ ላይ፣ ተመልካቹ ተነሥቶ ነጠላውን ሲያስተካክል በምታልፈው «እና ሌሎችም» በምትል መስመር ውስጥ ነው። ሰው ሲጠይቀኝ አልከፋኝም እላለሁ። ውሸቴን ነው፤ ትንሽ ከፍቶኛል።

ያልሆንኩት ነገር የለም። የጦጣ ድምፅ ሆኛለሁ፣ የአሮጊት ሳል ሆኛለሁ። ጤፍ ሰፌድ ላይ እየበተንኩ ዝናብ አዝንቤአለሁ፣ ቆርቆሮ እያርገበገብኩ ነጎድጓድ አሰምቻለሁ። ወረቀት ቆርጫለሁ፣ ቀለም በጥብጫለሁ፣ የተበጠሰ ፊልም ቀጥያለሁ፣ ማሳያ ማሽኑን በበቅሎ አስጭኜ እስከ በየዳ ደጋ ድረስ ወጥቻለሁ። ዛሬ በኮምፒዩተር የሚሠሩት ልጆች ይህንን ሲሰሙ በትሕትና ይስቁብኛል። ከዚያ ሁልጊዜ ያንኑ ጥያቄ ያመጣሉ፤ እኔ በነካሁት ፊልም ሁሉ ተሰናብቶ የሚሄድ ሰው ለምን ፊቱን አያዞርም? ልዩ ስልት ይመስላቸዋል። ስልት አይደለም። ከአባቴ ጋር የታረቅሁበት ነገር ነው።

ጊዜው 1973 ዓ.ም. ነው። የሃያ አንድ ዓመት ልጃገረድ ነበርኩ፣ ዳባት ላይ መሠረተ ትምህርት አስተምር ነበር። አንድ ቀን ጥቁር ሰሌዳው ላይ «በ» ብዬ ጽፌ አጠገቡ በሬ ስስል አንድ የማላውቀው ሰው በሩን ተደግፎ ያየኛል። ቢራራ ይባላል። ፕራግ ሄዶ ፊልም የተማረ፣ ፂሙን የማይላጭ፣ የቀዱለትን ሻይ ሳይጠጣ የሚረሳ ሰው ነበር። መሥሪያ ቤቱ አንድ ካሜራ፣ አንድ ጄኔሬተርና አንድ ትእዛዝ ሰጥቶ ልኮታል። ትእዛዙ ዝናብ ከየት እንደሚመጣ ለገበሬ ልጆች የሚያስረዳ የዐሥር ደቂቃ ፊልም ሥራ የሚል ነው። እሱ ደግሞ ትእዛዙን ተረት አደረገው። አንዲት ልጅ ዝናብ ስለ ቀረባቸው ደመናን ልትጠይቅ ከቤቷ ትወጣለች፤ በመንገዷ ላይ ወንዙም፣ ነፋሱም፣ ፀሐይዋም የየድርሻቸውን ይነግሯታል፤ በመጨረሻ ደመናውን አግኝታ አብራው ትሄዳለች። እኔን የፈለገኝ ጥሩ የሚስል ሰው እንዳሳየው ነበር። ወደ አባቴ ወሰድኩት።

አባቴ አለቃ ሀብተ ሚካኤል የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ነበሩ። ከዳባት እስከ ደባርቅ ባሉት አብያተ ክርስቲያናት እጃቸው ያላረፈበት ግድግዳ ጥቂት ነው። ቢራራ በመጣ ጊዜ ግን ብሩሽ ካነሡ አራት ዓመት አልፏቸው ነበር። ያንን አራት ዓመት እኛ ቤት ማንም ጮክ ብሎ አይቆጥረውም። ታላቅ እህቴ አልጣሽ ጎንደር ትማር ነበር፤ በ1969 ለፋሲካ እመጣለሁ ብላ ቀረች። ከጥቂት ተማሪዎች ጋር ሆና ከደባርቅ ማዶ የሊማሊሞን ገደል በእግሯ ስትወርድ አየኋት ያለ አንድ ነጋዴ ነበር። ከዚያ ወዲያ ወሬዋ ጠፋ።

ሞተች እንዳይባል ያየ የለም፣ አለች እንዳይባል ደብዳቤ የለም። ልቅሶ መቀመጥ ደግሞ የማይታሰብ ነው፤ በዚያ ዘመን እንዲህ ላለ ልጅ ያለቀሰ ሰው ራሱ ይጠየቅበት ነበር። እናቴ እናናዬ እንባዋን ውጣ ትዞራለች። ሐዘኗ ከዐይኗ ይልቅ በእጇ ነበር የሚታወቀው፤ የያዘችው ሁሉ ይወድቅባታል። አንድ ሙሉ ብርጭቆ ቤታችን ውስጥ አልቀረም።

አባቴ ቢራራን እስኪጨርስ አዳመጡና አንድ ነገር ብቻ ጠየቁት፤ ልጅቷ ስንት ዓመቷ ነው? ዐሥር፣ አላቸው። ተነሥተው የቀለም ሣጥናቸውን ከቆጥ ላይ አወረዱ።

ሥራው ደባርቅ ነበር የሚሠራው። አንዲት የጭቃ ቤት ተከራይተን መስኮቷን በጥቁር ጨርቅ ጋረድን። ካሜራው አናጢ በሠራው ቋሚ ላይ አፉን ወደ ታች አድርጎ ተሰቅሏል፤ ከሥሩ ጠረጴዛ አለ። አባቴ የሳሏትን ልጅ በመቀስ ቆራረጥናት፤ ራሷ ለብቻ፣ ክንዶቿ ለብቻ፣ እግሮቿ ለብቻ። ከዚያ ጠረጴዛው ላይ አጋድመን እንገጣጥማትና አንድ እግሯን በመርፌ ጫፍ የስንዴ ፍሬ ታህል እገፋለሁ። ካሜራው ቀጭ ይላል። እንደገና እገፋለሁ፣ ቀጭ። ቀኑን ሙሉ ገፍቼ ልጅቷ የራሷን ግቢ ተሻግራ አትጨርስም።

እንዲህ ያለ ሥራ ሰውን ያፈዛል። ከቤት ስወጣ የራሴን እርምጃ መቁጠር ጀመርኩ። ጠዋት ጠዋት ጭጋጉ ወደ ከተማው ሲገባ የደባርቅን ቤቶች አንድ በአንድ ይወስዳቸዋል፤ መጀመሪያ ቆርቆሮው፣ ቀጥሎ ግድግዳው፣ ቀጥሎ በሩ ላይ የቆመው ሰው። ረፋድ ላይ ደግሞ አንድ በአንድ ይመልሳቸዋል። ከላይ ሆኖ በመርፌ የሚገፋን ያለ ይመስለኝ ነበር። አውቶቡስ ስትመጣ እንኳ ማን ቀጭ እንዳደረጋት ለማየት ቀና እል ነበር።

ልጅቷ ተገጣጥማ ባለቀችበት ዕለት ግራ ቅንድቧ ላይ ቀጭን መስመር አየሁ። አቧራ መስሎኝ ልጠርገው ስል አባቴ እጄን ያዙኝ። ጠባሳ ነው። አልጣሽ በስድስት ዓመቷ ከካብ ላይ ወድቃ ያተረፈችው ጠባሳ። ቢራራ ነገር ዓለሙን ረስቶ ካሜራውን ያጸዳ ነበር።

ሁለት ወር ሙሉ እህቴን በመርፌ ገፋኋት፣ ድምፅም ሆንኳት። ለወንዙ እሷን ሆኜ ጥያቄ አቀርባለሁ፣ ወንዙንም ሆኜ እመልሳለሁ። አባቴ ጥግ ላይ ተቀምጠው ሲሰሙ ፈገግታቸውን አያለሁ። አራት ዓመት ያላየሁት ፈገግታ ነው፤ ለእሱ ስል ሌላ ሁለት ወር ብገፋት ደስ ባለኝ።

አባቴ የሚያውቁት አሣሣል እንዲህ ነው። ሰው እግሩ ወደ ጎን ቢራመድም ፊቱ ወደ እኛ ነው፣ ሁለት ዐይኖቹም ተከፍተው ያዩናል። ጻድቅ ሁሉ እንዲህ ነው የሚሳለው። ፊቱ ወደ ጎን ዞሮ አንድ ዐይኑ ብቻ የሚታየው ሰይጣን ነው፣ ይሁዳ ነው፣ ጌታን የወጋው ጭፍራ ነው። ይህንን እኛ አገር ፊደል ያልቆጠረ ሰው ሳይቀር ያውቃል። ፕራግ ግን አያስተምሩትም።

ጉድ የፈላው መጨረሻው ላይ ስንደርስ ነው። ቢራራ ሁለተኛ ራስ ይሳሉልኝ አላቸው። ልጅቷ ደመናውን ተከትላ እንድትሄድ ዘወር ማለት አለባት፤ ለዚያ ወደ ጎን የዞረ ራስ ያስፈልጋል። አባቴ እንዳልሰሙ ሆኑ። ደገመላቸው። ሦስተኛ ሲጠይቃቸው ብሩሻቸውን አጥበው በጨርቅ እየጠቀለሉ መለሱለት።

«ልጄ፣ እኔ ይህችን ልጅ አንድ ዐይና አላደርጋትም። ስትመጣ ልስላት እችላለሁ። ስትሄድ ግን አላየኋትም፤ ያላየሁትን አልስልም።»

በማግስቱ በአውቶቡስ ወደ ዳባት ተመለሱ። ቢራራ ልጅቷ ማን እንደሆነች አያውቅም፤ እኔም አልነገርኩትም፣ እንዲህ ያለ ነገር ለሰው የሚነገርበት ዘመን አልነበረም። ፊልሙ የሚታይበት ቀን ደርሷል፣ ቢራራ ፂሙን እየነጨ ይመላለሳል። እናም አደረግሁት። የአባቴን ቀለም በጥብጬ፣ የአባቴን መስመር አስመስዬ ሁለተኛውን ራስ ሳልኩ። እውነቱን ልናገር፣ እያዘንኩ አልነበረም የሳልኩት። እጄ የእሳቸውን እጅ መምሰሉን ሳይ ኮርቼ ነበር። ጠባሳዋ በማይታየው በኩል ስለዋለ ተውኩት። ፊልሙ አዲስ አበባ ተልኮ ታጥቦ መጣ።

መጀመሪያ ያሳየነው ዳባት ላይ ነው፤ በገበያ ቀን፣ ከሰዓት በኋላ፣ በቀበሌው አዳራሽ። መስኮቱንና በሩን በብርድ ልብስና በጋቢ ጋርደን ግድግዳው ላይ አቡጀዲ ወጠርን። ሰዉ ጢም ብሎ ሞላ። አባቴና እናቴ ከፊት ተቀመጡ። ልጅቷ ብቅ ስትል እናቴ እጇን አፏ ላይ ጫነች፤ ማንም ሳይነግራት አወቀቻት። ዘጠኝ ደቂቃ ያህል እንደዚያ ያለ ደስታ አይቼ አላውቅም። ልጅቷ ስትጠይቅ ሕፃናቱ ከወንዙ ቀድመው ይመልሱላታል፤ ነፋሱ ሲያፏጭ አብረው ያፏጫሉ።

ከዚያ ፊቷን አዞረች።

አንዲት አሮጊት አማተቡ። ቀጥሎ አንድ ሕፃን ልጅቷ ሰይጣን ሆነች ብሎ ማልቀስ ጀመረ፤ ሌሎቹም ተከተሉት። አባቴ ተነሡ። በሩን የጋረደውን ብርድ ልብስ ገልጠው ሲወጡ የቀን ብርሃን ገባና ልጅቷን ከአቡጀዲው ላይ አጠፋት። ማሽኑ ይሽከረከራል፣ ጨርቁ ግን ባዶ ነው።

ሳምንቱን ሙሉ የዳባት ልጆች ደመና ባዩ ቁጥር እየሮጡ ቤት ይገቡ ነበር። ዝናብ ከየት እንደሚመጣ እናስረዳለን ብለን፣ ደመና የሰው ልጅ እየወሰደ ሰይጣን እንደሚያደርግ አስተምረናቸው አረፍነው። አብሮን ፊልሙን የተመለከተው የአካባቢው ካድሬ፣ ያየህ የሚባለው፣ ራሱ የቄስ ልጅ ነው፤ የአንድ ዐይኑን ነገር ጠንቅቆ ገብቶታል፣ ግን ገባኝ ብሎ መናገር አይችልም። ስለዚህ ፊልሙ አጉል እምነት ያስፋፋል ብሎ ጻፈብን። ደባርቅ ላይ የመሠረተ ትምህርት የምስክር ወረቀት የሚሰጥበት በዓል ነበር፤ እስከዚያ ሦስት ወር ሰጠን። መጨረሻው ካልተስተካከለ ፊልሙ ይቃጠላል።

እኔን ግን ያቃጠለኝ ሌላ ነው። የዚያን ዕለት ቤት ስገባ አባቴ ደጃፉ ላይ ተቀምጠው ነበር። እግራቸው ላይ ወደቅሁ። አላነሡኝም።

«እህትሽን ማን ምን እንዳደረጋት አላውቅም» አሉ ቀስ ብለው። «ዐይኗን ያወጣሽው ግን አንቺ ነሽ።»

ከዚያ ወዲያ አላናገሩኝም። ሰላም ስላቸው ጆሮ ዳባ ልበስ። ፊልሙ ቢቃጠል አልጣሽ ለሁለተኛ ጊዜ ትጠፋለች፤ ባይቃጠል ደግሞ አንድ ዐይና ሆና ትቀራለች። ሁለቱም የእኔ የእጅ ሥራ ነው።

ደባርቅ ስንመለስ ቢራራ መጨረሻውን ቆርጠን እንጣለው፣ ልጅቷ አትሂድ አለና መቀሱን አቀበለኝ። እጄ እምቢ አለኝ። ለምን እንደሆነ ያን ጊዜ አላወቅሁም። አሁን ሳስበው ግን እኛ ቤት አራት ዓመት ሙሉ ያልሄደች ሰው ነበረች። መደቡ ላይ ቦታዋን ማንም አይነካም፤ በየፋሲካው ሳህኗ ይወጣል፣ ሳይነካ ይመለሳል። ሌላ የማትሄድ ልጅ መጨመር ከበደኝ።

አንድ ቀን ረፋድ ላይ ቤቱ አፈነኝና ወደ ሊማሊሞ አፋፍ በእግሬ ሄድኩ። ጭጋጉ ከከተማው ተነሥቶ ገደሉ ሥር ሄዶ ተኝቷል። እኛ አገር ደመና የሚታየው ቀና ተብሎ ብቻ አይደለም፤ አፋፍ ላይ ተቁሞ ቁልቁልም ይታያል። ቢራራ የሌላ አገር ሰው ነውና ደመናውን ሰማይ ላይ ሰቅሎት ነበር፤ እኔ እዚሁ የተወለድኩት ግን እንዴት ዝም አልኩት? በራሴ ተናደድኩ።

እዚያ ቆሜ ሳለ ገበያ ውላ፣ ዘመድ ቤት አድራ የምትመለስ አንዲት የቆላ ሴት አቋራጩን ልትወርድ መጣች። አቋራጩ ቀጥ ያለ ነው። ሰው የሚወርደው መሰላል እንደሚወርድ ፊቱን ወደ ዳገቱ አዙሮ፣ በእጁ ድንጋይ እየያዘ፣ እግሩን ወደ ታች እየላከ ነው። ደኅና ዋይ አለችኝ፣ በደኅና ግቢ አልኳት። ወረደች። ወደ ላይ እያየችኝ ነው የምትወርደው፤ እኔም ዐይኔን አልነቀልኩም። ደመናው ከሥር መጣና እግሯን ወሰደ። ጉልበቷን ወሰደ፣ ወገቧን ወሰደ። ደረቷን፣ አገጯን። መጨረሻ ላይ ሁለት ዐይኖቿ ብቻ ነጩ ላይ ቀሩ፤ ከዚያ እነሱም የሉም። ሳሩ ሳይነቃነቅ፣ ድምፅ ሳይሰማ። ከታች አንድ ቦታ ጠጠር ሲንከባለል ብቻ ሰማሁ።

አልጣሽ በዚህ ነው የወረደችው። አፋፉ ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ፤ ሰው ስላልነበረ ማንም አልጠየቀኝም።

በነጋታው ዳባት ገባሁ። አባቴ ጓሮ ነበሩ። እንደማይመልሱልኝ ስለማውቅ ቆሜ ሁሉንም ነገርኳቸው፤ አፋፉን፣ ሴትዮዋን፣ ደመናውን። «አባባ፣ ፊት ሳይዞርም ይኬዳል» አልኳቸው። «እያየችን ነው የሄደችው።» ጀርባቸውን ሰጥተውኝ እንደቆሙ ቀሩ። እኔም ወደ ደባርቅ ተመለስኩ።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት በሩ ተንኳኳ። ቢራራ ሲከፍተው አባቴ የቀለም ሣጥናቸውን ታቅፈው ቆመዋል፤ ከኋላቸው ጭጋግ ብቻ ነው የሚታየው።

ገደሉን ሳሉ። ድንጋይ የሚጨብጡ ሁለት እጆችም ሳሉላት። ለደመናው ግን ቀለም አልነኩም፤ ከሣጥናቸው ባዘቶ አወጡ። እናቴ በእጇ ነድፋ፣ ምን ሊሠሩበት እንደሆነ ሳትጠይቅ የላከችው ጥጥ ነው። መግፋቱ የእኔ ሥራ ነበር፤ ያን ዕለት ግን መርፌውን ከእጄ ወሰዱት። እሳቸው ልጅቷን የስንዴ ፍሬ ታህል ወደ ታች፣ እኔ ባዘቶውን ያንኑ ያህል ወደ ላይ። ቀጭ። ሁለት ቀን ፈጀብን። ጉልበቷ ሲሸፈን አባቴ በለሆሳስ ዳዊት መድገም ጀመሩ። ቢራራ ያን ጊዜ ገባው። ኮፍያውን አውልቆ ወንበሩ ላይ አስቀመጠ።

ዐይኖቿ ብቻ ሲቀሩ የአባቴ እጅ ቆመ። ከዚያ መርፌውን መለሱልኝ።

«አንቺ ሸኚያት» አሉኝ። «እህትሽ ናት።»

እግራቸው ላይ ከወደቅሁበት ቀን ጀምሮ የሰማሁት የመጀመሪያ ቃላቸው ነው። ባዘቶውን በዐይኖቿ ላይ ገፋሁት። ቀጭ።

የበዓሉ ቀን የደባርቅ አዳራሽ በሰው ተጨናንቋል። የምስክር ወረቀት የሚቀበሉ ጎልማሶች፣ ሚስቶቻቸው፣ ልጆቻቸው፣ ገበያ የመጣው ሁሉ ገብቷል። እናቴም ከዳባት መጥታ ከፊት ተቀምጣለች፤ አባቴ አጠገቧ ናቸው። ሕፃናቱ እንደ ዳባቶቹ ሳቁ፣ አፏጩ፣ ለወንዙ ቀድመው መለሱ። ልጅቷ አፋፉ ላይ ደረሰች። ድንጋዩን ጨበጠች፣ እግሯን ወደ ታች ላከች።

የደባርቅ ሰው ነውና ምን እያየ እንደሆነ መንገር አላስፈለገም። ከዚያ አፋፍ ላይ ሰው ያልሸኘ፣ ወይም ሳይሸኘው ሰው ያልሄደበት ቤት በዚያ አዳራሽ ውስጥ ጥቂት ነበር። ፉጨቱ ቆመ። ነጩ እየወጣ ጉልበቷን፣ ወገቧን፣ ደረቷን ወሰደ። ሁለት ዐይኖቿ ቀሩ፤ ግራ ቅንድቧ ላይ ያለችው ጠባሳ ሳትቀር ትታያለች። ከዚያ አቡጀዲው ነጭ ሆነ።

እናቴ ከሆዷ አንድ ድምፅ አወጣች። አጠገቧ ያለችው ሴት ተቀበለቻት፣ ከኋላ ያሉት ተከተሉ። ደረት የመታ አልነበረም፣ ስም የጠራም የለም። ወንዶቹ ጋቢያቸውን ፊታቸው ላይ ሳቡ። ብርድ ልብሶቹ ተገለጡ፣ ብርሃን ገባ፣ ልቅሶው ግን አልቆመም።

ያየህ ከመቀመጫው ተነሥቶ ወደ ፊት መጣ። ለማን ነው የሚለቀሰው ሲል ጠየቀ። እናቴ ዐይኗን በነጠላዋ ጫፍ ጠርጋ ቀና ብላ አየችው።

«ለፊልሙ ነው፣ ልጄ» አለችው።

ያየህ እሷን አየ። ነጩን አቡጀዲ አየ። ከኋላ የተቀመጡትን ሴቶች አንድ በአንድ አየ፤ ብዙዎቹን ከልጅነቱ ጀምሮ ያውቃቸዋል፣ ልጆቻቸውንም ያውቅ ነበር። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ መጀመሪያውን ያላዩ ሰዎች አሉ፣ ድገሙት አለኝ። በሩን የሚጋርደውን ብርድ ልብስ ራሱ ጎትቶ ዘጋና ጥግ ላይ፣ ማንም በማያየው በኩል ቆመ።

ፊልሙን ወደ ኋላ ጠቀለልኩ። እናቴ ነጠላዋን አስተካክላ ተቀመጠች፤ እጇ የአባቴን እጅ ይዟል፣ አልለቀቀም። ማሽኑን አስነሣሁ። ልጅቷ ከቤቷ ወጣች።